የዳሳሾችን ማኅበር እንዴት እንደፈጠርኩ

አራት ዓመት የጻፍኩትን ልቦለድ አንዲት ጥያቄ አፈረሰችው።

ጓደኛዬ የመጀመሪያዎቹን ሰባት ምዕራፎች አንብባ ጨረሰች። ወረቀቱን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች። ትንሽ ዝም አለችና፣ «አንቺ፣ ገዳዩን ለማወቅ ለምን መስታወቱን አይጠይቁትም?» አለችኝ።

መልስ አልነበረኝም።

ልቦለዱ የሚካሄደው በምናባዊ ዓለም ውስጥ ነው። በዚያ ዓለም ታሪክን በአስማት የሚመዘግቡ የእጅ ባለሙያዎች ማኅበር አለ። ያኔ መስታወት ሠሪዎች ነበሩ። እነሱ የሠሩት መስታወት ፊት ለፊቱ የሆነውን ሁሉ ይይዛል። ከመቶ ዓመት በኋላ ብትጠይቁትም ቁልጭ አድርጎ ያሳያችኋል። ሐሳቡ የመጣልኝ ሌሊት እንቅልፍ በዓይኔ አልዞረም። በጣም ወድጄው ነበር። ችግሩ፣ ታሪኩ የቆመው አንድ ንጉሥ በማን እንደተገደለ ባለመታወቁ ላይ ነው። ሁሉን የሚያይ መስታወት ባለበት ቤት ደግሞ የማይታወቅ ነገር የለም።

ይህን የምጽፈው ተመሳሳይ ነገር ለምትሞክሩ ነው። ልቦለድ ለምትጽፉ፣ ከጓደኞቻችሁ ጋር ለምትጫወቱት የሚና ጨዋታ ዓለም ለምትፈጥሩ። ታሪክ መዝጋቢ ማኅበር ብዙዎቻችንን የሚስብ ሐሳብ ነው። እኔ ያቃጠልኩትን ጊዜ እናንተ ባታቃጥሉት ደስ ይለኛል።

ጓደኛዬ ከሄደች በኋላ ያደረግኩት ቀዳዳ መድፈን ነበር። የግድያው ሌሊት መስታወቱ ተሰበረ ብዬ ጻፍኩ። ታዲያ ቤተ መንግሥቱ ውስጥ ያለው አንድ መስታወት ብቻ ነው? እሺ፣ መስታወቱ በጨለማ አያይም አልኩ። ታዲያ ንጉሡ እራቱን በጨለማ ነው የሚበላው? አንዱን ስደፍን ሌላው ይከፈታል። አንባቢ ደግሞ ይነቃል። ደራሲው እንዲመቸው ብሎ ያመጣው ሕግ ከሩቅ ያስታውቃል።

ስምንት ወር ገደማ እንዲህ ስዳክር ከረምኩ። ከዚያ አንድ ቀን ነገሩ ገባኝ። ማኅበሩ ምን እንደሚመዘግብ አራት ዓመት ሙሉ አስቤያለሁ። ምን እንደማይመዘግብ ግን አንድ ቀን እንኳ ቁጭ ብዬ አላሰብኩም።

መጻፉን አቆምኩና ሰዎች በእውነተኛው ዓለም ታሪክን በምን በምን እንደያዙ ማንበብ ጀመርኩ። ብዙ ነገር አነበብኩ። ሁሉንም የለወጠው ግን አንድ የእንጨት ሰሌዳ ነው።

ዛሬ ዴሞክራቲክ ኮንጎ በምንላት አገር የሉባ መንግሥት ነበረ። እዚያ ምቡድዬ የሚባል ማኅበር ነበር። የመንግሥቱን ታሪክ የሚያስታውሱ ሰዎች የሚወጡት ከዚህ ማኅበር ነው። መሣሪያቸው ሉካሳ ይባላል። በእጅ የሚያዝ የእንጨት ሰሌዳ ነው፤ ዶቃና ዛጎል ይተከልበታል፣ ወይም ይቀረጻል። ባለሙያው ሰሌዳውን በግራ እጁ ይዞ በቀኝ እጁ ጣት ዶቃዎቹን እየነካ ይተርካል። የነገሥታቱን ዝርዝር፣ ሰዎቹ የመጡበትን መንገድ፣ የተቀደሱ ቦታዎችን። ያው አንዱ ሰሌዳ፣ እንደ አንባቢውና እንደ አጋጣሚው የተለያየ ነገር ሊነበብበት ይችላል።

ብዙ ሰው የሚገረመው በዚህ በንባቡ መለያየት ይመስለኛል። እኔን የያዘኝ ጣቱ ነው። ታሪክን በጣት ማንበብ።

ያን ቀን ማታ መስታወቱን በሽመና ጨርቅ ቀየርኩና አዲሱን ሕግ በአንድ መስመር ጻፍኩት። ጨርቁ የሚይዘው የሰው እጅ የነካውን ብቻ ነው። ዓይን ያየውን አይደለም። ጆሮ የሰማውንም አይደለም። ምስክሩ ክሩን በእጁ ጨብጦ ይቆያል። ክሩ የእጁን ትዝታ ይጠጣል። ከዚያ ይሸመናል። በኋላ መዳፉን ጨርቁ ላይ ያሳረፈ ሰው ያ የምስክሩ እጅ የተሰማውን ይሰማዋል። ሌላ ምንም የለም።

ማኅበሩንም ዳሳሾች አልኳቸው። ዳሰሳ ለእኛ በእጅ መነካካትም ነው፣ ነገርን መመርመርም ነው። ሁለቱንም ፈልጌዋለሁ።

ሕጉን ለመሞከር በቀጥታ ወደ ግድያው ሌሊት ሄድኩ። ምስክሯ ውሃ የምታቀርብ አገልጋይ ናት። ከብዙ ዓመት በኋላ አንዲት ተለማማጅ መዳፏን በጨርቁ ላይ ታሳርፋለች። እንዲህ ይላል ያ ክፍል፦

«ቀዝቃዛ የብረት እጀታ። እርጥብ ነው። ክብደቱ ይጎትታል፤ ማሰሮው ሙሉ ነው። ከዚያ የበር መቀርቀሪያ፣ ሸካራ እንጨት። ከዚያ ድንገት የሌላ ሰው እጅ ጣቶቿን ይጨብጣል። ቀለበት አለው። ፈርጡ ወደ ውስጥ ዞሯል፤ ጣቷን ይወጋታል። ማሰሮው ከእጇ ይወጣል። ከዚያ በኋላ የራሷ ቀሚስ ብቻ። ጨምድዳ የያዘችው ቀሚስ። ለረጅም ጊዜ።»

ፊት የለም። ስም የለም። ድምፅ የለም። ግን ፈርጡን ወደ ውስጥ ያዞረ ሰው አለ። ለምን አዞረው? ይህን ጽፌ ስጨርስ እጄ ይንቀጠቀጥ ነበር። መስታወቱ አራት ዓመት ሙሉ ያልሰጠኝን ይህ ጨርቅ በአንድ ገጽ ሰጠኝ። የሚያሳየው ጥቂት ስለሆነ ሁሉም ሰው ሊጣላበት ይችላል።

ሕጉ ያላሰብኩትን ነገርም ይዞ መጣ። የንጉሥ ታሪክ በዚህ ጨርቅ ላይ በጣም ድሃ ነው። የዙፋን ክንድ፣ ዋንጫ፣ ማኅተም፤ በቃ። የግንበኛው፣ የቀዛፊው፣ የአዋላጇ ጨርቅ ግን ወፍራም ነው። ማኅበሩን የሚቀልበው ቤተ መንግሥቱ፣ ማኅበሩ የሚመዘግበው ደግሞ ቤተ መንግሥቱ የማይፈልጋቸውን ሰዎች። ጠቡን እኔ አልፈጠርኩትም፤ ሕጉ ወለደው።

እዚህ ላይ የባዮ ጥልፍ ረድቶኛል። ኖርማኖች እ.ኤ.አ. በ1066 እንግሊዝን እንዴት እንደያዙ የሚተርክ ሥራ ነው። 70 ሜትር ገደማ ይረዝማል፤ በበፍታ ጨርቅ ላይ በሱፍ ክር የተጠለፈ ነው። ብዙ የታሪክ ተመራማሪዎች ያሠራው የድል አድራጊው የዊልያም የእናቱ ልጅ፣ ጳጳሱ ኦዶ ነው ይላሉ። ኦዶ ራሱ ደግሞ ጥልፉ ላይ አለ። በውጊያው መሐል፣ በፈረስ ላይ፣ ዱላ ይዞ።

በእኔ ዓለም ከፋዩ እንዲህ በቀላሉ መግባት አይችልም። እጁ እዚያ መኖር አለበት። ታዲያ መኳንንቱ ምን ያደርጋሉ? ውጊያው ካለቀ በኋላ ሜዳው ላይ ይወጣሉ። የሞቱ ወታደሮችን ሰይፍ እያነሱ ይጨብጣሉ። ያን እጅ ይዘው ወደ ዳሳሾች ይመጣሉ። ጥሩ ዳሳሽ ግን ታውቃለች። የሞተ ሰው ጨብጦት የቀዘቀዘ እጀታና ሲወጉበት የሞቀ እጀታ አንድ አይደለም። ከልቦለዱ ሁሉ በጣም የምወደው ትዕይንት ይህ ነው።

ሕጉ ከያዘ በኋላ ሌላ ጉድለት ታየኝ። ስለ ሽመና የማውቀው ነገር አልነበረም። ድርና ማግ የሚሉትን ቃላት አውቃለሁ፤ ሥራውን አላውቅም። ስለዚህ መፍተል ለመማር አንዲት አሮጊት ዘንድ ሄድኩ። ለሁለት ወር ያህል በሳምንት ሁለት ቀን እመላለስ ነበር። የመጀመሪያዎቹን ሳምንታት ክሩ እየተበጠሰ አስቸገረኝ። ሲላላ ይለያያል። ሲከር ደግሞ በራሱ ላይ ይጠማዘዛል። አንድ ቀን የተበጠሰውን ልቋጥር ስል እማማ እጄን ያዙኝ።

«አትቋጥሪው፣ ልጄ። ቋጠሮ ያስታውቃል። ጫፉን ትንሽ ፍቺና ከባዘቶው ጋር አዋህደሽ እንደገና ፍተይው።»

እንዳሉት አደረግኩ። ክሩ ተቀጠለ። የት ላይ እንደተበጠሰ ብፈልግ ብፈልግ ጠፋኝ።

እዚያው ተቀምጬ የልቦለዴ ትልቁ ወንጀል ምን እንደሆነ አወቅኩ። እስከዚያ ቀን ታሪክን የሚያዛባው ሰው ሸማኔው ይመስለኝ ነበር። ሸማኔ ግን ቢያጭበረብር ይታያል፤ ድሩ ሲበጠስ ይቋጠራል፣ ቋጠሮው ደግሞ ለዳሰሰው አይጠፋም። ያለ ቋጠሮ የሚዋሸው ፈታዩ ነው። የአንዱን ሰው እጅ ከሌላው ሰው እጅ ጋር አዋህዶ አንድ ክር የሚያደርግ። የማኅበሩ ምርጥ ፈታይ ማለት በማኅበሩ ውስጥ ከሁሉ በላይ መዋሸት የሚችል ሰው ማለት ነው። ይህን ከመጽሐፍ አላገኘሁትም። እማማ እጄን ባይዙኝ ኖሮ አሁንም ሸማኔውን እከስስ ነበር።

ስለዚህ የምትፈጥሩት ማኅበር ሥራው ምንም ይሁን፣ ሸክላ ይሁን፣ ቀለም ይሁን፣ ብረት ይሁን፣ እጃችሁን አስገቡበት። ጎበዝ መሆን አያስፈልግም። ሥራው የት ላይ እንደሚበላሽ ማየት ይበቃል። አስማቱ የሚበላሸውም እዚያው ላይ ይሁን።

ዋጋው ምንድነው የሚለው ጥያቄ ብዙ አንከራተተኝ። ዋጋ የሌለው አስማት ታሪኩን ያቀልለዋል። መጀመሪያ የመጣልኝ፣ ምስክሩ የሰጠውን ትዝታ ያጣል የሚል ነበር። ያን ግን ስንት ቦታ አንብቤዋለሁ። ተውኩት። ከእጅ ጋር የሚሄድ ዋጋ ፈለግኩ።

ያገኘሁት ይህን ነው። ዳሳሿ በሠራች ቁጥር የጣቷ ጫፍ ይደነዝዛል። ትንሽ በትንሽ። ሃያ ዓመት የሠራች መምህርት ፍም ብትነካ አይሰማትም። ይህ ከሆነ ደግሞ ማኅበሩ እንዴት ይኖራል? በጣም የሚያውቁት ሰዎች ጨርቁን መዳሰስ አይችሉም። መዳሰስ የሚችሉት ደግሞ ገና ምንም የማያውቁ ልጆች ናቸው። መምህርቷ ለተለማማጇ «ምን ተሰማሽ?» ብላ መጠየቅ አለባት። ልጅቷ እውነቱን ትናገር አትናገር የምታረጋግጥበት መንገድ የላትም። ልጅቷ ደግሞ ብትናገር የሚያምናት የለም፤ ልጅ ናትና።

ይህን ከወሰንኩ በኋላ ስለ ማኅበሩ ማዕረግ፣ አለቃ፣ ምርጫ ብዙ ማሰብ አላስፈለገኝም። ራሱ ተሰለፈ።

ማን ያነባል? ይህ ጥያቄ የሚረሳ ነው፤ እኔም ረስቼው ነበር። የኮሪያ የጆሴዎን ሥርወ መንግሥት ነው ያስታወሰኝ። የእነሱ ዜና መዋዕል እ.ኤ.አ. ከ1392 እስከ 1863 ያለውን የ25 ነገሥታት ዘመን ይይዛል። ሥርዓቱ እንዲህ ነበር፤ ታሪክ ጸሐፊዎቹ በየቀኑ ንጉሡ አጠገብ ሆነው ይጽፋሉ፣ ንጉሡ ግን የጻፉትን ማየት አይፈቀድለትም። መዝገቡ የሚጠናቀረው ንጉሡ ከሞተ በኋላ ነው። እ.ኤ.አ. በ1404 ንጉሥ ቴጆንግ አደን ላይ ከፈረስ ወደቀ። ግራ ቀኙን አየና፣ ታሪክ ጸሐፊው ይህን እንዳይሰማ አለ። ጸሐፊው መውደቁንም ጻፈ፣ እንዳይሰማ ማለቱንም ጻፈ።

ይህን ሳነብ ብድግ አልኩ። አንድ ንጉሥ ጦር ሳይሆን ብዕር ሲፈራ!

ሥርዓቱ ሁልጊዜ አልጸናም። እ.ኤ.አ. በ1498 ንጉሥ ዮንሳን ከረቂቁ የተወሰነውን አስመጥቶ አየ። ኪም ኢል-ሶን የተባለው ጸሐፊ በዚህ ምክንያት ተገደለ፤ ሌሎችም ብዙዎች ተቀጡ። ለዚህ ነው ሕጉን ብቻ ሳይሆን ሕጉ የፈረሰበትንም ቀን መፍጠር አለባችሁ የምለው። ዳሳሾችም እንዲህ ያለ ቀን አላቸው፤ ልቦለዱ ውስጥ ማንም በሙሉ ድምፅ አያነሳውም።

ከኮሪያዎቹ አንድ ሌላ ነገር ወስጃለሁ። መዝገቡ ተጠናቅሮ ሲያልቅ ረቂቆቹን በወራጅ ውሃ ያጥቡ ነበር። ቀለሙ ይሄዳል፤ ወረቀቱ ለሌላ ሥራ ይውላል። ዳሳሾችም ጨርቁ ተሸምኖ ሲያልቅ የተረፈውን ክር ወንዝ ወርደው ያጥባሉ። ክሩ ትዝታውን ይለቃል። ቀዛፊዎች በዚያ ቀን እጃቸውን ውሃ ውስጥ አያስገቡም። ንጉሡ የተገደለበት ሌሊት ክር ግን ሁሉም አልታጠበም። አንዲት ልቃቂት ቀርታለች። ልቦለዱ አሁን የሚሄደው እሷን ፍለጋ ነው።

የኢንካዎች ኪፑም አለ። በገመድ ላይ በተቋጠሩ ቋጠሮዎች መዝገብ ይይዙ ነበር። ሌላንድ ሎክ የተባለ ተመራማሪ እ.ኤ.አ. በ1912 ቋጠሮዎቹ ቁጥር እንደሚይዙ፣ ያውም በአሥር ቤት እንደሚቆጠሩ አሳየ። ቁጥር የማይመስሉት ግን ዛሬም አልተነበቡም። ገመዱ አለ፣ አንባቢው የለም። ይህ ሐሳብ ለረጅም ጊዜ አልለቀቀኝም። ከእሱ የወጣው ሕግ ይህ ነው፤ ማረሻ ይዞ የማያውቅ እጅ በጨርቁ ላይ ማረሻ ቢሰማው ምን እንደሆነ አያውቅም። እንጨት ነው ከማለት አያልፍም። ስለዚህ ተለማማጆች ጨርቅ ከመንካታቸው በፊት አምስት ዓመት ሥራ ይሠራሉ። ይቀዝፋሉ፣ ያቦካሉ፣ ድንጋይ ይጠርባሉ። አንድ ሙያ ከምድር ሲጠፋ፣ የዚያ ሙያ ሰዎች ታሪክም አብሮ ይዘጋል። ጨርቁ መደርደሪያ ላይ እንዳለ።

ስለ ልብሳቸው፣ ስለ ዓርማቸው፣ ስለ መሐላቸው ብዙ አልነግራችሁም። አንድ ወር ፈጅቼበታለሁ፤ ልቦለዱ ውስጥ የገባው ሦስት መስመር አይሞላም። ደስ ካላችሁ ሥሩት፤ ግን ከሕጉ በኋላ ይሁን።

በአማርኛ ለምትጽፉ ግን ስለ ቃል አንድ ነገር ልበል። የእኛ ቃላት ከባድ ናቸው። መተት ካላችሁ አንባቢው ክፋት ያስባል። ድግምት ካላችሁ የሚያነበንብ ሰው ይታየዋል፤ ቃሉ ራሱ ከመድገም የመጣ ነው። አስማት የተሻለ ነው። በግእዝ ስሞች ማለት ነው፤ የስም ብዙ። ስለ ስም ኃይል የምትጽፉ ከሆነ ከዚህ የበለጠ ቃል አታገኙም። እኔ የምጽፈው ግን ስለ እጅ ነው። ስለዚህ ማኅበሩ ውስጥ ማንም አስማት የሚለውን ቃል አያነሳም። ስጦታው ያላትን ልጅ «እጇ ይሰማል» ይሏታል። ቃሉ ዝም ብሎ የነበረ ነው የሚመስለው። ጓደኛዬ አዲሱን ረቂቅ ስታነብ ስለዚህ ቃል ምንም አልጠየቀችኝም። ሁለተኛው ምዕራፍ ላይ ራሷ ትናገረው ጀመር።

ሕጋችሁን ለመፈተን የምጠቀምበትን መንገድም ላካፍላችሁ። አንድ ክስተት ውሰዱ፤ ለምሳሌ የአንድ ድልድይ መፍረስ። እዚያ የነበሩ አምስት ሰዎችን ጻፉ። ለእያንዳንዱ፣ የማኅበራችሁ አስማት ከእሱ ምን ሊወስድ እንደሚችል ብቻ ጻፉ። አምስቱም አንድ ዓይነት ነገር ከሰጧችሁ ሕጋችሁ ገና ሰፊ ነው፤ አጥብቡት። ምንም ካልሰጧችሁ ደግሞ በጣም ጠቧል። የእኔ ድልድይ ላይ አንዱ ገመድ ሰጠኝ፣ አንዷ የልጇን ክንድ፣ አንዱ ጭቃ፣ አንዱ የማያውቀውን ሰው ፀጉር። አምስተኛው ምንም አልሰጠኝም። ለምን ብዬ አንድ ሳምንት አሰብኩ።

እጁ ታስሮ ነበር።

እስከዚያ ድረስ ስለ እስረኞች አላሰብኩም ነበር። እጁ የታሰረ ሰው ከገመዱ በቀር የሚነካው ነገር የለም። የዳሳሾች ግምጃ ቤት ውስጥ እንግዲህ አንድ ክፍል መኖር አለበት። ከወህኒ የመጡ ጨርቆች የተደረደሩበት። የትኛውንም ብትነኩ የሚሰማችሁ ገመድ ነው። ከመቶ ዓመት በፊት የታሰረውም ገመድ፣ ትናንት የታሰረውም ገመድ። ዳሳሾቹ ሁሉም አንድ ነው ብለው ከዘጉት ቆይቷል።

ክፍሉን ባለፈው ሳምንት ጻፍኩት። በሩን የምትከፍተው ተለማማጇ ናት፤ ገመድ ስትፈትል ያደገች ልጅ። መዳፏን የመጀመሪያው ጨርቅ ላይ ታሳርፋለች። ከዚያ ሁለተኛው ላይ። ሁለተኛው ላይ ትቆያለች፤ ገመዱን የፈተለው እጅ የአባቷ ነው።